አስማት ባለበት አገር ሳይንቲስት ምን ይሠራል?

ደብዳቤው

ሰላም ለዓምዱ አዘጋጅ። ዕድሜዬ 26 ነው። በአንድ ሆስፒታል ላብራቶሪ ውስጥ እሠራለሁ። ቀን የወባ ስላይድ ሳይ እውላለሁ፤ ማታ ልቦለድ እጽፋለሁ። ታሪኩ የሚካሄደው «ናርዶስ» ብዬ በፈጠርኩት ዓለም ነው። ናርዶስ ሁለት ጨረቃዎች አሏት። የሚያበሩ ድንጋዮችም አሉ። ትክክለኛውን ቃል የሚያውቅ ሰው ሲናገርባቸው ይበራሉ፣ በሽተኛም ይፈውሳሉ። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ሶልያና ትባላለች፤ የአገሩ ብቸኛዋ ሳይንቲስት ናት። እስከ ምዕራፍ 4 ድረስ በራሪ መርከብ ሠርታለች፣ ወረርሽኝ አጥፍታለች፣ ንጉሡንም ከሞት አድናለች። ምዕራፍ 5 ላይ ግን ብዕሬ ቆመ። ጓደኛዬ አንብባ «አስማት ካለ ሳይንቲስት ምን ያደርጋል?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። ታላቅ ወንድሜ ደግሞ «ስንት እውነተኛ ሳይንቲስት እያለ የሌለ ሰው ሕይወት መጻፍ የልጅ ጨዋታ ነው» ይለኛል። አራቱን ምዕራፎች አያይዤ ልኬአለሁ። ልተወው ወይስ ልቀጥል? ከቀጠልኩስ ሶልያናን ምን ላድርጋት?

የሌሊት ጸሐፊዋ፣ ከባሕር ዳር

መልስ

ውድ እህቴ፣

አትተዪው። አራቱንም ምዕራፎች አንብቤያቸዋለሁ። ናርዶስ ደስ የምትል አገር ናት። ድንጋዩ ሲበራ የታመመው ሕፃን ፊት ላይ የሚያርፈውን ብርሃን የገለጽሽበትን ገጽ ደግሜ ነው ያነበብኩት። መጻፍ ትችያለሽ። ችግሩ ያለው ሶልያና ላይ ነው። ሶልያና እስካሁን ሳይንቲስት አልሆነችም፤ ሁሉን የምታውቅ ሰው ናት። ሁሉን የሚያውቅ ሰው የሚፈልገው ነገር የለም። የሚፈልገው ነገር ከሌለው ደግሞ ታሪኩ ወዴት ይሂድ? ምዕራፍ 5 ላይ መቆምሽ አይገርምም።

ከወንድምሽ ልጀምር። የሌለ ሳይንቲስትን ሕይወት በሌለ ዓለም ውስጥ ከጻፉት ሰዎች አንዱ ራሱ ሳይንቲስት ነበር፤ ያውም ከታላላቆቹ። ዮሐንስ ኬፕለር ይባላል። ፕላኔቶች ፀሐይን የሚዞሩት በክብ ሳይሆን በሞላላ መንገድ መሆኑን ያገኘው ጀርመናዊ ነው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ኬፕለር በ1593፣ ገና ተማሪ ሳለ፣ አንድ ጥያቄ ያዘው። ጨረቃ ላይ ቆሞ ሰማዩን የሚያይ ሰው ምን ይታየዋል? በዩኒቨርሲቲው ክርክር ላይ ላቅርበው ሲል አልተፈቀደለትም። ጥያቄው ግን አልለቀቀውም። ከዓመታት በኋላ ወደ ልቦለድ ቀየረውና «ሶምኒየም» አለው፤ በላቲን «ሕልም» ማለት ነው።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ዱራኮቱስ የሚባል ልጅ አይስላንድ ውስጥ ከእናቱ ጋር ይኖራል። እናቱ ፊዮልክስሂልዴ ቅጠላ ቅጠል እየለቀመች፣ በትንንሽ የፍየል ቆዳ ከረጢት እየቋጠረች ለመርከበኞች ትሸጣለች። ልጁ አንድ ቀን ውስጡ ምን እንዳለ ለማየት ከረጢቱን ይቀደዋል። ቅጠሉ ይበተናል። እናቱ በንዴት በከረጢቱ ፋንታ ልጁን ራሱን ለመርከቡ አለቃ ትሰጠዋለች። ልጁ በመጨረሻ ቬን የምትባል ደሴት ላይ ይቀራል። እዚያ ቲኮ ብራሄ የሚባል ሰማይን የሚለካ ሊቅ አለ። ቲኮ በእውን የነበረ ሰው ነው፤ ኬፕለርም ፕራግ ላይ በእሱ ሥር ሠርቷል። ዱራኮቱስ ከቲኮ ዘንድ አምስት ዓመት ተምሮ ወደ አገሩ ይመለሳል። እናቱ በሕይወት አለች። የተማረውን ሲነግራት ደስታዋ ወሰን ያጣል፤ ምክንያቱም እሷም ስለ ሰማይ የምታውቀው አላት። መንፈስ ትጠራለታለች። መንፈሱም ስለ ጨረቃ ያጫውታቸዋል። የጨረቃ ስም በታሪኩ ሌቫኒያ ነው።

ከረጢቱን ልብ በይልኝ። ልጁ ሳይንቲስት መሆኑ የታወቀው ሰማይ ከማየቱ በፊት ነው። ውስጡ ምን አለ ብሎ ቀደደ፤ ዋጋውንም ከፈለ፣ ከአገሩ ወጣ። ሶልያና እስካሁን አንድም ከረጢት አልቀደደችም። አንድም ነገር አላጣችም።

አሁን ሌቫኒያን ተመልከቺ። እዚያ አንድ ቀንና አንድ ሌሊት ተደምረው የእኛን አንድ ወር ያህላሉ። ሌሊቱ ብቻ 15 ቀን ገደማ ነው፤ ከዚያ በኋላ ፀሐይ ወጥታ ያን ያህል ጊዜ ታቃጥላለች። ምድራችን በሰማያቸው ላይ ትታያለች፤ ስሟም ቮልቫ ነው። እኛ ጨረቃን ከምናያት አራት እጥፍ ያህል ሰፍታ፣ አንድ ቦታ ላይ እንደተቸነከረች ሳትወጣና ሳትጠልቅ ትኖራለች። ግን በራሷ ዙሪያ ስትሽከረከር ይታያል፤ የሌቫኒያ ሰዎች እሷን እያዩ ጊዜ ይቆጥራሉ። ይህ በአንደኛው ገጽ ላይ ነው። በወዲያኛው ገጽ የሚኖሩት ቮልቫን ዕድሜ ልካቸውን አያዩአትም። እነሱ ዘላኖች ናቸው፤ የሚሸሸውን ውኃ ይከተላሉ። አንዳንዶቹ ከግመል በሚረዝም እግር፣ አንዳንዶቹ በክንፍ፣ አንዳንዶቹ በመርከብ። ሙቀቱ ሲበረታ ዋሻ ይገባሉ።

እግሩና ክንፉ ፈጠራ ነው። የቀኑ ርዝመት፣ የቮልቫ ስፋት፣ ከቦታዋ አለመነቃነቋ ግን ስሌት ነው፤ ዛሬም ይሠራል። ኬፕለር ከጨረቃ ሰማይ ተነስቶ ነው ወደ ፍጥረታቱ የወረደው። ቀኑ እንዲህ ከረዘመ ሰው እንዴት ይኖራል? ሊሸሽ ነው። በምን ይሽሽ? እንዲህ እያለ ነው ዓለሙን የሠራው።

ለምን ይህን ሁሉ ደከመ? በዘመኑ ብዙው ሰው ምድር ቆማለች፣ ሰማዩ ነው የሚዞረው ብሎ ያምን ነበር። ኬፕለር ፊት ለፊት መከራከር ሰለቸው መሰለኝ፣ አንባቢውን አንስቶ ጨረቃ ላይ አቆመው። የሌቫኒያ ሰዎችም እኛ ቆመናል፣ የሚዞረው ሌላው ነው ብለው ያስባሉ። አንባቢው ደግሞ ጨረቃ እንደምትዞር በሚገባ ያውቃል። እንግዲህ እነሱ ከተሳሳቱ እኛስ? ይህን ጥያቄ በቁጥር በታጨቀ መጽሐፍ እንዲህ አድርጎ ሰው ልብ ውስጥ መክተት አይቻልም። ወንድምሽን ይህን ንገሪው። የሌለ ሰው ሕይወት እውነተኛ ሥራ ይሠራል።

ወደ ጓደኛሽ ጥያቄ ልምጣ። ጎበዝ አንባቢ ናት። አስማት ካለ ሳይንቲስት ምን ያደርጋል? አስማቱ አንዳንዴ እምቢ ሲል «ለምን?» ብሎ የሚጠይቀው እሱ ነው። በኬፕለር ታሪክ መንፈስ ሰውን ወደ ጨረቃ ይወስዳል፤ አስማት ነው። ግን በፈለገው ሰዓት አይወስድም። መንፈሶቹ ብርሃን ስለሚፈሩ የሚጓዙት በግርዶሽ ጊዜ ነው፣ በጥላው ውስጥ። ጉዞው አራት ሰዓት ይፈጃል። ተጓዡ ሲነሳ የሚመታው ኃይል እንዳይጎዳው የሚያስተኛ መድኃኒት ይሰጠዋል። ላይ አየሩ ስለሚሳሳ አፍንጫው ላይ እርጥብ ስፖንጅ ይደረግለታል። ወፍራም ሰው አይመረጥም። ገደብ ያለው አስማት ነው፤ ገደብ ካለ የሚለካ ነገር አለ፤ የሚለካ ነገር ካለ ሳይንቲስት ሥራ አላት።

የአንቺ ድንጋዮች ግን ሁልጊዜ ይበራሉ። ቃሉን የሚያውቅ ሰው ተናገረ ማለት አለቀ ማለት ነው። እስቲ አንድ ቀን አይብሩ። ቃሉ ያው፣ ድንጋዩ ያው፣ ተናጋሪዋም ያቺው ባለሙያ ሴት ናት። የማክሰኞው ሕፃን ዳነ፤ የሐሙሱ ሞተ። መንደሩ «የእናቱ ኃጢአት ነው» ይላል። ባለሙያዋ «ቃሉን ስናገር ሰው አስነጠሰ» ትላለች። ሶልያና ግን ቤቷ ገብታ ትጽፋለች፤ ማክሰኞ የትኛዋ ጨረቃ ወጥታ ነበር፣ ድንጋዩ የተቆፈረው ከየት ነበር፣ ዝናብ ነበር ወይ። ምንም አታውቅም። ጥያቄው ብቻ ነው ያላት። ምዕራፍ 5 ቢሆን ብዬ የምመኘው ይህን ነው። እንዲያውም ምዕራፍ 1 ቢሆን።

አንድ ነገር ላስታውስሽ። አንቺ ይህን ሥራ ከእኔ በላይ ታውቂዋለሽ። የደም ጠብታውን ስላይድ ላይ ትዘረጊያለሽ፤ እስኪደርቅ ትጠብቂያለሽ፤ ጂምሳ የሚባለውን ቀለም ታፈስሺበታለሽ፤ ደቂቃውን ቆጥረሽ ታጥቢዋለሽ። ከዚያ ኦይል ጠብ አድርገሽ በትልቁ ሌንስ ታያለሽ። መቶ ፊልድ (በሌንሱ አንድ ጊዜ የሚታየውን ክፍል) ሳታዪ ኔጌቲቭ አትዪም። ቀለሙ ያረጀ እንደሆነ፣ ስላይዱ በደንብ ያልታጠበ እንደሆነ ጥገኛ ተሕዋስያን የሚመስል ቆሻሻ ሊያሳስትሽ ይችላል። ሶልያና በአራት ምዕራፍ ውስጥ አንድ ዕቃ አላጠበችም። አንድ ነገር እስኪደርቅ አልጠበቀችም። ዓይኗ አልደከመም፣ እጇ ቀለም አልነካም። በራሪ መርከቡን በሦስት መስመር ሠርታ ጨረሰችው! የራስሽን ሥራ ስጫት። ድንጋዩን በምን ታጥበዋለች? በየት አስቀምጣ ታወዳድረዋለች? የትኛው የትኛው እንደሆነ እንዳይጠፋት ምን ምልክት ትጽፍበታለች? አንባቢ እንዲህ ያለውን ገጽ ይዘለዋል ብለሽ አትስጊ። ሥራውን የሚያውቅ ሰው የጻፈው ገጽ አይዘለልም።

ቀጥሎ ትንሽ ልዩነት ያስፈልጋታል፤ እንቅልፍ የሚነሳት። ኬፕለር ስለ ማርስ መንገድ ለዓመታት ሲደክም ኖሮ አንድ ጊዜ የጨረሰ መሰለው። በክብ መንገድ የሠራው ስሌት ቲኮ ለክቶ ከተወው ቁጥር ጋር ሊገጥም ምንም አልቀረውም። የቀረው ልዩነት ስምንት የቅስት ደቂቃ ነበር፤ ይህ ደቂቃ የጊዜ ሳይሆን የማዕዘን መለኪያ ነው፣ የአንድ ዲግሪ ስድሳኛ። ሙሉ ጨረቃ ሰማይ ላይ የምትይዘው ስፋት 30 ደቂቃ ያህል ነው። ስለዚህ ስህተቱ ከጨረቃ ስፋት ሩብ ትንሽ የሚበልጥ ነው። ማን ያየዋል? ቲኮ ቴሌስኮፕ እንኳ አልነበረውም፤ የለካው በዓይኑ ነው። «ቲኮ ተሳስቶ ይሆናል» ብሎ ማለፍ ይቻል ነበር። ኬፕለር ግን ቲኮ በዚያን ያህል እንደማይሳሳት ያውቃል። ስለዚህ የራሱን የዓመታት ድካም ጣለው። ክቡ የፈረሰውና ሞላላው የመጣው ከዚያ ነው፤ በ1609 አሳተመው። አንድ ሰው የገዛ ሥራውን ለሩብ ጨረቃ ሲጥል ማየት ንጉሥ ከሞት ሲድን ከማየት በላይ ልብ ይይዛል።

የናርዶስን ስምንት ደቂቃ ከየት እናምጣ? ከሁለቱ ጨረቃዎችሽ። መጀመሪያ ግን ምዕራፍ 2 ላይ ያለውን አስተካክዪ። ሩቋ ጨረቃ በ10 ቀን፣ ቅርቧ በ30 ቀን ይዞራሉ ብለሻል። አይሆንም፤ ቅርብ ያለችው ናት የምትፈጥነው። ሕጉም የኬፕለር ነው፤ በ1618 ነው ያገኘው። ርቀቱ አራት እጥፍ ከሆነ ዙሩ ስምንት እጥፍ ይረዝማል። ስለዚህ ቅርቧ በ8 ቀን ከዞረች፣ አራት እጥፍ የራቀችው በ64 ቀን ትዞራለች። ይህን ለአንባቢ መንገር አያስፈልግሽም። አንቺ ካወቅሽው ገበሬው በየትኛዋ እንደሚዘራ፣ ሌሊቱ መቼ ድቅድቅ እንደሚሆን፣ ሌባው መቼ እንደሚወጣ ራሱ ይመጣልሻል።

ከዚያ የቀን ቆጣሪ አምጪ። ለዚህ ሩቅ መሄድ አያስፈልግሽም፤ ባሕረ ሐሳብ፣ የቤተ ክርስቲያናችን የበዓላት ማውጫ ስሌት፣ አለልሽ። ዓመተ ዓለሙን (ከዓለም ፍጥረት ጀምሮ የተቆጠረውን ዓመት) ለ19 ገድፎ፣ ከቀሪው አንድ ቀንሶ ወንበሩን ማግኘት፣ ወንበሩን በ11 አባዝቶ አበቅቴን፣ በ19 አባዝቶ መጥቅዕን ማውጣት፣ ከ30 ሲበልጥ ሠላሳ ሠላሳውን መግደፍ። በመጨረሻ አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 ይመጣሉ። በቃል የሚወረድ፣ ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር የሚተላለፍ ስሌት ነው። መሠረቱ 19 ዓመት ከ235 የጨረቃ ወራት ጋር እኩል ነው የሚለው ነው። በጣም ይቀራረባሉ። ፍጹም እኩል ግን አይደሉም፤ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ይበላለጣሉ። በአንድ ሰው ዕድሜ አይታወቅም። በ300 ዓመት ገደማ ግን አንድ ቀን ይሆናል።

ይህን ለናርዶስ አድርጊው። የናርዶስ መምህራን ሁለቱን ጨረቃዎች የሚያስማማ ቀመር አላቸው፤ አባቶች የሰጡት ነው። ሶልያና ብቸኛ ሳይንቲስት ሳትሆን ከቀመሩ ተማሪዎች የመጨረሻዋ ትሁን፤ ብራና የምትገለብጥ፣ ቀለም የምትበጠብጥ። አንድ ማታ በዓሉ «ሁለቱም ጨረቃ ሙሉ በምትሆንበት ሌሊት» ይከበራል፤ ሕዝቡ ጧፍ ይዞ ወጥቷል። ቀና ብላ ታያለች። ሩቋ ጨረቃ በአንድ ጎኗ ጎድላለች። ትንሽ ነው፤ ሌላ ሰው አላየውም፣ ወይም አይቶ ዝም ብሏል። እሷ መዝገብ ቤት ገብታ የጥንት ብራናዎችን ትገልጣለች። ድንጋዮቹ እምቢ ያሉባቸው ዘመናት የት የት እንደሆኑ ትፈልጋለች። ድንጋዮቹ የሚበሩት በእውነተኛዋ ጨረቃ ነው እንጂ በቀመሩ አይደለም። የሐሙሱ ሕፃን የሞተው ለዚያ ነው። ካልተስማማሽ ሌላ ምክንያት ፈልጊ፤ ግን አስማቱና ስሌቱ አንድ ቦታ ይገናኙ።

አሁን ጥያቄው ይህን ለማን ትናገራለች የሚለው ነው። የሳይንቲስት ሕይወት ግማሹ ይህ ነው። ማን ያበላታል? ማንን ትፈራለች? ኬፕለር ከ1601 ጀምሮ የንጉሠ ነገሥቱ የሒሳብ ሊቅ ነበር። ስሙ ትልቅ፣ ደመወዙ ግን የማይመጣ። የዓመት አቆጣጠር እየሠራ፣ ለሰው ኮከብ እየቆጠረ ቤተሰቡን ይመግብ ነበር። በ1630 የሞተውም ያልተከፈለውን ገንዘብ ሊጠይቅ ሄዶ በሄደበት ከተማ ነው።

ንጉሥሽን ደግሞ እንዲህ አስቢው። ብርሃንን ያጠናው ኢብን አል ሀይሠም የዓባይን ሙላት መቆጣጠር ይቻላል ብሎ ተናገረ ይባላል። የግብፁ ኸሊፋ አል ሀኪም ሰማና አስጠራው። ሊቁ ወደ ደቡብ ወርዶ ወንዙን ሲያይ እንደማይሆን ገባው። ኸሊፋው በቁጣው የታወቀ ነው። የሕይወት ታሪኩን የጻፉት እንደሚሉት፣ ሊቁ እብድ መስሎ አል ሀኪም በ1021 እስኪሞት ድረስ ከቤት ሳይወጣ ኖረ። ስለ ብርሃን የጻፈው ታላቁ ሥራም ከዚያ ዘመን ጋር ይያያዛል። የአንቺ ንጉሥ በሶልያና እጅ ድኖ አመስግኖ ይወጣል። ባይድን ይሻላል። ወይም «አድንሃለሁ» ብላ ቃል ገብታ፣ ድንጋዩ በዚያ ሌሊት እንደማይበራ ብቻዋን ታውቅ።

ከድህነትና ከንጉሥ የከፋም አለ፤ ጎረቤት። ይህን ሳነብ ሁልጊዜ ልቤ ይነካል። የኬፕለር እናት ካታሪና እንደ ፊዮልክስሂልዴ ቅጠል የምታውቅ ሴት ነበረች። በ1615 አንዲት ጎረቤቷ «መጠጥ አጠጥታ አሳመመችኝ» አለች። ወሬው ተያያዘ። በ1620 ሰባ ዓመት ያለፋት አሮጊት ሆና በጠንቋይነት ታሰረች፤ በሰንሰለት። 14 ወር ቆየች። የማሰቃያ መሣሪያዎቹን አምጥተው አሳዩአት። «አላደረግሁም» ከሚለው ቃሏ አልወጣችም። ኬፕለር ሥራውን ጥሎ ሄዶ ተከራከረላት። በ1621 ተለቀቀች፤ በሚቀጥለው ዓመት ሞተች። ያ የዱራኮቱስ ታሪክ ቀደም ሲል በእጅ ጽሑፍ ከሰው እጅ ወድቆ ነበር። መንፈስ የምትጠራው እናት የራሱ እናት ናት ብለው አሙዋት ይሆን ብሎ ኬፕለር ራሱ ጠርጥሯል። ምናባዊ ታሪክ እንዲህ ሰው ቤት ድረስ ይገባል።

ይህ የፈረንጅ አገር ጉዳይ ብቻ እንዳይመስልሽ። እኛ ዘንድ ብረት ቀጥቃጩን፣ ሸክላ ሠሪዋን ቡዳ ያልነው ለምን ነበር? እሳትና አፈር ሌላው የማያውቀውን ነገር ሲሆንለት ስላየን ነው። ማረሻውን ከእሱ እንገዛለን፤ ልጃችንን ከዓይኑ እንሸሽጋለን። አፄ ምኒልክ ሠራተኛን በሙያው መስደብን በአዋጅ እስከ መከልከል ደርሰዋል። ሶልያና እናት የላትም በጽሑፍሽ። ስጫት። ሸክላ ሠሪ ትሁን። ድንጋይ ከሸክላ ጭቃ የሚለይበትን ነገር ከማንም በላይ የምታውቅ፣ ቀመሩን ግን የማታነብ። ሶልያና ቀመሩ ተሳስቷል ስትል መንደሩ መጀመሪያ የሚዞርባት እናቷ ላይ ነው። ይህ እኔን ያስፈራኛል፤ አንባቢሽንም ያስፈራዋል።

እናትየዋ የምታውቀውን ደግሞ አታባክኚው። ዶክተር አክሊሉ ለማን አስቢ። በ1964 ዓድዋ ላይ ቢልሃርዚያን ሲያጠኑ ወንዝ ዳር ሴቶች በእንዶድ ልብስ ያጥባሉ። አረፋው ከሚወርድበት በታች በሽታውን የሚያስተላልፈው ቀንድ አውጣ በብዛት ሞቶ አዩ። በሕይወት ያሉ ቀንድ አውጣዎች ከላይ ሰብስበው አንዷን አጣቢ አረፋ እንድትጨምርባቸው ጠየቁ። ሞቱ። ከዚህ ተነስቶ ነው የእንዶድ ምርምር የተጀመረው፤ በ1989 ከባልደረባቸው ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር ራይት ላይቭሊሁድ የሚባለውን ዓለም አቀፍ ሽልማት አግኝተውበታል። ሴቶቹ እንዶዱን ያውቁታል፤ ሊቁ ቀንድ አውጣውን ያውቃል። ሁለቱ የተገናኙት አንድ ሰው ወደ ወንዙ ጎንበስ ብሎ ስላየ ነው። ከኬፕለር ታሪክም የምወደው ይህን ነው፤ ልጁ ከቲኮ ተምሮ ቢመጣም ጨረቃን ያገኘው በእናቱ በኩል ነው። ሶልያናም ሩብ መንገዱን በቀመር ትሂድ፤ የቀረውን በእናቷ ጭቃ።

እንግዲህ ሥራውን እንዴት ትጀምሪ? በራሪ መርከቡን አውጪው፤ ለዚህ ታሪክ አያስፈልግም። ወረርሽኙን አቆይው፣ ግን አታጥፊው። ስለ ናርዶስ ታሪክና ነገሥታት የጻፍሽው ረጅሙ መግቢያ ለአንቺ ይጠቅማል፤ ለአንባቢ ግን አይደለም። ኬፕለር ለዚያ አጭር ታሪክ 223 ማስታወሻ ጽፎለታል። ከታሪኩ ይበልጣል። እሱ ያን ያደረገው የሚከራከረው ስለነበረ፣ የእናቱም ነገር ስላቆሰለው ነው። አንቺ ማስታወሻሽን በተለየ ደብተር ያዢ። የጨረቃዎቹ ዙር፣ የድንጋዩ ገደብ፣ የቀመሩ ስህተት በስንት ዓመት አንድ ቀን እንደሚሆን፣ ሁሉም እዚያ ይሁን። ቁጥሩ ደብተሩ ላይ እስኪስማማ ድረስ ትዕይንቱን አትጻፊ፤ በኋላ ማረም ያደክማል።

ወንድምሽን አትቀየሚው። ስለ እውነተኛ ሳይንቲስቶች ያለው ክብር ጥሩ ነው፤ ተጠቀሚበት። የቲኮን፣ የአክሊሉን፣ የኢብን አል ሀይሠምን ታሪክ አብራችሁ አንብቡ። ስሌትሽን እንዲያይልሽም ስጪው፤ ስህተት ካገኘ ይነግርሻል።

ይህን ሳምንት ግን ሌላውን ሁሉ ተዪና የበዓሉን ሌሊት ጻፊ። ሁለት ገጽ ይበቃል። ሕዝቡ ይዘምር፣ ጧፉ ይብራ፣ መምህሩ ምርቃት ይስጥ። እናቷ አጠገቧ ትቁም፣ የጭቃ እጇን በነጠላዋ ሸፍና። ሶልያና ቀና ትበል። ያየችውን ለማንም አታናግሪያት፤ ለእናቷ እንኳ። መዝገብ ቤቱን ለሚቀጥለው ምዕራፍ አቆይው።